በሕንድ በሩዝ መፈልፈያ ድርጅቶችና በመንግሥት የምግብ አቅርቦት ተቋማት መካከል የሚነሱ የሕግ ክርክሮች

በሕንድ መንግሥት ከገበሬው የሚገዛው ያልተፈለፈለ ሩዝ ወደ ተጠቃሚው ሕዝብ የሚደርሰው በግል ባለሀብቶች በተያዙ መፈልፈያ ድርጅቶች በኩል ነው። በዚህ ሂደት የጎደለውን እህል ማን ይከፍላል፣ መጉደሉንስ የሚወስነው ማን ነው የሚሉት ጥያቄዎች ላለፉት በርካታ አሥርት ዓመታት የአገሪቱን ፍርድ ቤቶች ሲያከራክሩ ቆይተዋል።

ጉዳዩ የሁለት ወገኖች የንግድ ውዝግብ ብቻ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2013 የወጣው ብሔራዊ የምግብ ዋስትና ሕግ 813 ሚሊዮን ገደማ ለሚሆን ሕዝብ እህል የማግኘት መብት የደነገገ ሲሆን፣ አብዛኞቹ ተጠቃሚዎች በነፍስ ወከፍ በወር አምስት ኪሎ ግራም እህል ይሰጣቸዋል። እህሉ ከጥር 2023 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ በነጻ እንዲታደል ተደርጓል። በመፈልፈያ ድርጅት ግቢ የተበላሸ ወይም የጠፋ ሩዝ ከዚህ ድርሻ ላይ የሚቀነስ በመሆኑ፣ የክርክሩ ውጤት የገበሬውን ገቢ፣ የመንግሥትን ካዝናና የድሃውን ቤተሰብ ማዕድ ይነካል።

ከግዴታ አቅርቦት ወደ ማስፈልፈል ውል

የሕንድ የምግብ ኮርፖሬሽን እ.ኤ.አ. በ1964 በወጣ ሕግ ተቋቁሞ በጥር 1965 ሥራውን ጀመረ። ኮርፖሬሽኑ በማዕከላዊው መንግሥት ስም እህል የመግዛት፣ የማከማቸትና ለክልሎች የማከፋፈል ኃላፊነት ተሰጥቶታል። ከእርሱ ጎን ለጎን ክልሎች የራሳቸውን የአቅርቦት ተቋማት አደራጅተዋል። በፑንጃብ ፑንግሬይን፣ ፑንሰፕና ማርክፌድ፣ በሃሪያና ሃፌድ፣ በቢሃር የክልሉ የምግብና የሲቪል አቅርቦት ኮርፖሬሽን ከእነዚህ መካከል የሚጠቀሱ ናቸው።

በቀደመው ዘመን በሁለቱ ወገኖች መካከል የነበረው ዋነኛ ግንኙነት "ሌቪ" በመባል በሚታወቀው የግዴታ አቅርቦት ላይ የተመሠረተ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1955 የወጣውን የአስፈላጊ ሸቀጦች ሕግ መሠረት በማድረግ በወጡ ትእዛዞች፣ ባለድርጅቱ በራሱ ገንዘብ ገዝቶ ከሚፈለፍለው ሩዝ የተወሰነውን መቶኛ መንግሥት በወሰነው ዋጋ እንዲሸጥ ይገደድ ነበር። ድርሻው ከክልል ክልል የሚለያይ ሲሆን፣ በአንዳንድ ክልሎች እስከ 75 በመቶ ይደርስ ነበር።

በዚያ ዘመን ከተነሱት ክርክሮች አንዱ፣ በቁጥጥር ትእዛዝ የሚፈጸም ግብይት በሕግ ዓይን "ሽያጭ" ሊባል ይችላልን የሚል ነበር። ዋጋውንም ሆነ ገዢውን መንግሥት የሚወስን ከሆነ የሁለት ወገኖች ፈቃድ ስለሌለ የሽያጭ ታክስ ሊጣል አይገባም የሚል መከራከሪያ ይቀርብ ነበር። ሰባት ዳኞች የተሰየሙበት የጠቅላይ ፍርድ ቤት ችሎት እ.ኤ.አ. በ1977 መጨረሻ "ቪሽኑ ኤጀንሲስ" በተባለው መዝገብ መከራከሪያውን ውድቅ አድርጎታል። በዚሁ መዝገብ ከምዕራብ ቤንጋል የሲሚንቶ ንግድ ጋር የአንድራ ፕራዴሽ የሩዝ ግዥ ጉዳይም ታይቷል። ችሎቱ ሕጉ የተዋዋዮችን ነጻነት ቢያጠብም ፈጽሞ እንደማያጠፋው፣ በመሆኑም ግብይቱ ሽያጭ እንደሆነ ወስኗል።

የግዴታ አቅርቦቱ ከጥቅምት 2014 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ በመላ አገሪቱ ወደ 25 በመቶ ዝቅ እንዲል ከተደረገ በኋላ፣ ከጥቅምት 1 ቀን 2015 (እ.ኤ.አ.) አንስቶ ሙሉ በሙሉ ቀርቷል። በቦታው የሰፋው መንግሥት ራሱ የገዛውን ያልተፈለፈለ ሩዝ፣ በአካባቢው አጠራር "ፓዲ"፣ ለባለድርጅቱ አስረክቦ በክፍያ የሚያስፈልፍልበት ሥርዓት ነው።

ይህ ለውጥ የክርክሩን ጠባይ ቀይሮታል። በሌቪው ዘመን እህሉ የባለድርጅቱ ሀብት ሲሆን፣ ጥያቄውም መንግሥት ከሰው ንብረት ምን ያህል ሊወስድ ይችላል የሚል ነበር። በማስፈልፈል ውል ግን እህሉ የመንግሥት ነው፤ ባለድርጅቱ ተረካቢና ጠባቂ ብቻ ነው። እ.ኤ.አ. የ1872ቱ የሕንድ የውል ሕግ እንዲህ ያለውን ተረካቢ ማንኛውም አስተዋይ ሰው ለራሱ ንብረት የሚያደርገውን ጥንቃቄ እንዲያደርግ ያስገድደዋል።

የ67 በመቶው ስሌት

የማስፈልፈሉ ሥርዓት የተመሠረተው በአንድ ቁጥር ላይ ነው። ባለድርጅቱ ከተረከበው 100 ኩንታል ፓዲ 67 ኩንታል ሩዝ ይመልሳል። ከመፈልፈሉ በፊት የሚቀቀለው ዓይነት ከሆነ መጠኑ 68 ኩንታል ይሆናል። ለዓመታት ሳይለወጥ የቆየው የማዕከላዊው መንግሥት የመፈልፈያ ክፍያ ለአንድ ኩንታል 10 ሩፒ፣ ለሚቀቀለው ደግሞ 20 ሩፒ ነው። ክፍያው እዚህ ግባ የሚባል ባይሆንም ገለባው፣ ፉርሽካውና ተረፈ ምርቱ ለባለድርጅቱ ስለሚቀሩ ሥራው አዋጭ ይሆናል ተብሎ ይታሰባል።

ስሌቱ በጥቂት መቶኛ ሲዛባ የሚያስከትለው ኪሳራ ቀላል አይደለም። ለምሳሌ 10 ሺህ ኩንታል የተረከበ ድርጅት 6 ሺህ 700 ኩንታል ሩዝ የመመለስ ግዴታ አለበት። ከእያንዳንዱ 100 ኩንታል የተገኘው 64 ኩንታል ብቻ ቢሆን 300 ኩንታል ሩዝ ይጎድለዋል። ጉድለቱን ከገበያ ገዝቶ ካልሞላ ውል እንዳፈረሰ ይቆጠራል፤ የጎደለው እህል ዋጋ ከወለድና ከቅጣት ጋር ይታሰብበታል።

ሩዝ የሚያወጣው መጠን ደግሞ በባለድርጅቱ ታማኝነት ብቻ የሚወሰን አይደለም። የዘሩ ዓይነት፣ የእርጥበቱ መጠን፣ የማሽኑ ሁኔታና እህሉ በመጋዘን የቆየበት ጊዜ ሁሉ ይወስኑታል። በመንግሥት መመዘኛ መሠረት ፓዲ ሲገዛ እርጥበቱ ከ17 በመቶ መብለጥ የለበትም። የሚመለሰው ሩዝ እርጥበት 14 በመቶ ሲሆን፣ እስከ 15 በመቶ የሚደርሰው ዋጋው ተቀንሶ ይወሰዳል። ባለድርጅቶች ብዙ ጊዜ የሚያሰሙት አቤቱታ ከገበያ ሲረከቡ እርጥበቱ ከተፈቀደው በላይ ነበር የሚል ሲሆን፣ ተቋማቱ በበኩላቸው ባለድርጅቱ ያለ ተቃውሞ ፈርሞ እስከተረከበ ድረስ ቅሬታው ዘግይቷል ይላሉ።

የውዝግቡ ዋና ዋና ምንጮች

የመጀመሪያው የመጠን ጉድለት ነው። የተቋሙ ሠራተኞች በመጋዘን ተገኝተው ቆጠራ ሲያካሂዱ በመዝገብ ከተጻፈው ያነሰ እህል ያገኛሉ። ባለድርጅቱ ጉድለቱ በድርቀት፣ በአይጥ ወይም በዝናብ የመጣ እንደሆነ ሲያስረዳ፣ ተቋሙ እህሉ ተሸጧል ብሎ ያምናል። በአንዳንድ ውሎች ፓዲው በባለድርጅቱ ግቢ ሆኖ በሁለቱም ወገኖች የጋራ ጥበቃ ሥር እንዲቆይ ስለሚደረግ፣ ኃላፊነቱን ለይቶ ማወቁ ይበልጥ ይከብዳል።

ሁለተኛው የጥራት ጉዳይ ነው። የኮርፖሬሽኑ መርማሪዎች ሩዙ የተሰበረ፣ የተበላሸ ወይም ቀለሙ የተለወጠ መጠኑ በዝቷል ብለው ጭነቱን ሊመልሱ ይችላሉ። ለድሆች የታደለ አሮጌ ሩዝ በርካሽ ተሰብስቦ እንደ አዲስ ተመልሶ እንዳይቀርብ ለመከላከልም የሩዙን ዕድሜ በኬሚካል ቀለም የሚለይ ምርመራ ይደረጋል። ጭነቱ የተመለሰበት ባለድርጅት የማጓጓዣና የመተኪያ ወጪው ስለሚወድቅበት የምርመራውን ውጤት ይቃወማል።

ሦስተኛው የጊዜ ጉዳይ ነው። ውሉ ሩዙ በተወሰነ ቀን ተጠናቆ እንዲመለስ ያዛል። ነገር ግን የኮርፖሬሽኑ መጋዘኖች ሞልተው ባለድርጅቱ የሚያራግፍበት ቦታ ሲያጣ መዘግየቱ የማን ጥፋት ነው የሚል ጥያቄ ይነሳል። የውል ሕጉ አንዱ ወገን ሌላው ግዴታውን እንዳይፈጽም ካገደው የታገደው ወገን ካሣ ሊጠይቅ እንደሚችል ስለሚደነግግ፣ ባለድርጅቶች ይህንን አንቀጽ መከላከያ አድርገው ያቀርባሉ።

የጆንያ ሒሳብ፣ የማጓጓዣ ክፍያ፣ የባንክ ዋስትና መወረስና ቀጣዩን ዓመት ኮታ መከልከልም ወደ ፍርድ ቤት ከሚወስዱት ምክንያቶች ይጠቀሳሉ።

ከሳሹ ዳኛ ሊሆን ይችላልን?

በዚህ ዘርፍ ከተሰጡት ፍርዶች ሁሉ ከመስኩ ውጭም ሰፊ ተፈጻሚነት ያገኘው እ.ኤ.አ. በ1987 በካርናታካ ክልልና በቲርታሃሊ ከተማ በሚገኘው "ሽሪ ራሜሽዋራ" የሩዝ መፈልፈያ መካከል የተሰጠው የጠቅላይ ፍርድ ቤት ውሳኔ ነው። በውሉ ላይ ባለድርጅቱ ግዴታውን ቢጥስ መንግሥት የሚተምነውን ካሣ እንዲከፍል የሚያዝ አንቀጽ ነበር። የክልሉ ባለሥልጣን ይህንን መሠረት አድርጎ ውሉ ተጥሷል፣ ካሣውም ይህን ያህል ነው ብሎ በመወሰን ገንዘቡ እንደ መሬት ግብር ውዝፍ እንዲሰበሰብ አዘዘ።

ፍርድ ቤቱ የካሣውን መጠን መተመንና ጥሰት መኖሩን መወሰን የተለያዩ ነገሮች መሆናቸውን አስረዳ። ጥሰቱ የታመነ ከሆነ ወይም ክርክር ካልተነሳበት ባለሥልጣኑ በውሉ መሠረት ካሣውን ሊተምን ይችላል። ባለድርጅቱ ጥሰት አልፈጸምሁም ካለ ግን ጉዳዩን ገለልተኛ አካል ሊያየው ይገባል። የውሉ አንድ ወገን የሆነው መንግሥት በራሱ ጉዳይ ዳኛ ሊሆን አይችልም ሲል ፍርድ ቤቱ ደምድሟል።

ይህ ፍርድ የሚያስከትለው ተግባራዊ ውጤት ቀላል አይደለም። ዕዳ እንደ መሬት ግብር ውዝፍ ከተቆጠረ የመንግሥት ሹም ያለ መደበኛ የፍርድ ቤት ክርክር ንብረት ሊያስይዝና ሊያሸጥ ይችላል። ስለሆነም ገለልተኛ ውሳኔ ይቅደም የሚለው መርህ ባለድርጅቱ ሀብቱን ከማጣቱ በፊት እንዲደመጥ ያደርገዋል።

ተመሳሳይ ጥያቄ በቢሃርም ተነስቷል። የክልሉ የምግብ ኮርፖሬሽን ሩዝ አልመለሱም ባላቸው በርካታ ባለድርጅቶች ላይ እ.ኤ.አ. በ1914 የወጣውን የመንግሥት ገንዘብ ማስመለሻ ሕግ መሠረት በማድረግ የማስከፈያ መዝገቦችን ከፍቷል። ሕጉ ማስታወቂያ የደረሰው ሰው በ30 ቀናት ውስጥ ዕዳውን በመካድ መቃወሚያ እንዲያቀርብ ይፈቅድለታል፤ መቃወሚያውም መሰማት አለበት።

የቅጣት ስሌትም ገደብ አለው። ውሉ የቅጣት ገንዘብ ቢወስንም የውል ሕጉ 74ኛ አንቀጽ የሚፈቅደው ከተወሰነው መጠን ያልበለጠ ተመጣጣኝ ካሣ ብቻ ነው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ እ.ኤ.አ. በ2015 "ካይላሽ ናት" በተባለው የመሬት ጨረታ ጉዳይ፣ ጉዳትን ማረጋገጥ በሚቻልበት ሁኔታ ጉዳት ያልደረሰበት ወገን ካሣ ሊወስድ እንደማይገባ አስረድቷል።

የግልግል ዳኝነት

አብዛኞቹ የማስፈልፈል ውሎች አለመግባባት ሲፈጠር ጉዳዩ በግልግል ዳኝነት እንዲታይ ይደነግጋሉ። ዓላማው ክርክሩን ከመደበኛው ፍርድ ቤት ባነሰ ጊዜና ወጪ መጨረስ ነው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ እ.ኤ.አ. በ1989 የምግብ ኮርፖሬሽኑና "ጆጊንደርፓል ሞሂንደርፓል" የተባለው ድርጅት በተከራከሩበት መዝገብ፣ የግልግል ሕግ ቀላልና ከተንዛዛ ሥነ ሥርዓት የራቀ፣ ሆኖም ፍትሐዊነትን የጠበቀ ሊሆን እንደሚገባ አስገንዝቧል። የግልግል ዳኛው ለውሉ የሰጠው ትርጉም ሊያስኬድ የሚችል እስከሆነ ድረስ ፍርድ ቤት በራሱ ትርጉም ሊተካው አይገባም።

ይህ መርህ ለሁለቱም ወገኖች ይሠራል። እ.ኤ.አ. ከ1996 ጀምሮ በሥራ ላይ ባለው የግልግል ዳኝነት ሕግ መሠረት ውሳኔን የሚቃወም ወገን በሦስት ወራት ውስጥ ማመልከት ያለበት ሲሆን፣ በቂ ምክንያት ካለው ተጨማሪ 30 ቀናት ብቻ ይፈቀድለታል። እ.ኤ.አ. በ2017 ፑንሰፕ ከአንድ የፑንጃብ መፈልፈያ ድርጅት ጋር በተከራከረበት ጉዳይ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ፣ ጊዜው ካለፈ በኋላ በአፈጻጸም ደረጃ የግልግል ውሳኔውን ከሥር መሠረቱ መመርመር እንደማይቻል ወስኗል። ማስታወቂያ ደርሷቸው ሳይቀርቡ የሚቀሩ ባለድርጅቶች ዘግይተው የሚያቀርቡት መቃወሚያ ሰሚ አያገኝም ማለት ነው።

የከረመው ቅሬታ ግን የዳኛው ማንነት ነበር። በብዙ ውሎች የግልግል ዳኛ የሚሆነው የተቋሙ ዋና ሥራ አስኪያጅ ወይም እርሱ የሚሾመው ሰው ነበር። እ.ኤ.አ. በ2015 የተደረገው የሕጉ ማሻሻያ የተከራካሪው ወገን ሠራተኛ፣ አማካሪ ወይም ሥራ አስኪያጅ ዳኛ እንዳይሆን የከለከለ ሲሆን፣ ክልከላው የሚነሳው ክርክሩ ከተፈጠረ በኋላ ሁለቱም ወገኖች በጽሑፍ ከተስማሙ ብቻ ነው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም እ.ኤ.አ. በ2017 እና በ2019 በሌሎች ድርጅቶች ጉዳይ በሰጣቸው ፍርዶች፣ ራሱ ዳኛ መሆን የማይችል ሥራ አስኪያጅ ሌላ ብቸኛ ዳኛ ሊሾም እንደማይችል አስታውቋል።

አምስት ዳኞች የተሰየሙበት ችሎት በኅዳር 8 ቀን 2024 (እ.ኤ.አ.) ከባቡር መስመር ኤሌክትሪክ ዝርጋታ ጋር በተያያዘ ጉዳይ በሰጠው ውሳኔ፣ በመንግሥት ተቋማት ውሎች ውስጥ አንዱ ወገን ብቻውን ብቸኛ ዳኛ የሚሾምባቸው አንቀጾች ከእኩልነት መርህ ጋር እንደሚጋጩ አረጋግጧል። ሦስት አባላት ያሏቸውን ጉባኤዎች በሚመለከት ውሳኔው ተፈጻሚ የሚሆነው ከዚያን ቀን በኋላ ለሚደረጉ ሹመቶች ነው። እ.ኤ.አ. በ1987 በካርናታካው ባለድርጅት ጉዳይ የተቀመጠው ሐሳብ ከ37 ዓመታት በኋላ በግልግል ዳኝነት ዘርፍም ሰፊ መሠረት አግኝቷል።

ጉድለት ወንጀል የሚሆነው መቼ ነው?

የአቅርቦት ተቋማት ከፍትሐ ብሔር ክርክሩ ጎን ለጎን ለፖሊስ አቤቱታ ማቅረባቸው የተለመደ ነው። ክሱ በአብዛኛው በእምነት ማጉደልና በማታለል ላይ የተመሠረተ ነው። ከሐምሌ 1 ቀን 2024 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ የቀድሞውን የወንጀል ሕግ በተካው አዲስ ሕግ እምነት ማጉደል በ316ኛው አንቀጽ ተደንግጓል።

ባለድርጅቶች ውል አለመፈጸም ወንጀል አይደለም በማለት ይከራከራሉ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም እ.ኤ.አ. በ2000 ከቢሃር በቀረበለት የመሬት ሽያጭ ጉዳይ፣ ውል መጣስ ብቻውን ማታለል እንደማይሆንና የማታለል ሐሳቡ ከመነሻው የነበረ መሆን እንዳለበት አብራርቷል። ይሁን እንጂ በማስፈልፈል ውል የተሰጠው ነገር ብድር ሳይሆን የመንግሥት ንብረት በመሆኑ፣ እህሉን ሆነ ብሎ ለግል ጥቅም ያዋለ ሰው በእምነት ማጉደል ሊጠየቅ ይችላል። ልዩነቱ ያለው በጉድለቱ መጠን ሳይሆን በአሳቡና በማስረጃው ላይ ነው።

ጥርጣሬው በባለድርጅቶች ላይ ብቻ የሚወድቅም አይደለም። በቻቲስጋር ክልል ለባለድርጅቶች የሚሰጠው ልዩ ማበረታቻ ከኩንታል 40 ሩፒ ወደ 120 ሩፒ ከፍ ከተደረገ በኋላ፣ ክፍያውን ለማስለቀቅ ከእያንዳንዱ ኩንታል 20 ሩፒ ጉቦ ይሰበሰብ ነበር የሚል ክስ ቀርቧል። የማዕከላዊው መንግሥት የፋይናንስ ወንጀል መርማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2023 ምርመራቸውን ይፋ ባደረጉበት ወቅት ስማቸው የተነሳው የመንግሥት ሹማምንትና የባለድርጅቶች ማኅበር ኃላፊዎች ነበሩ።

የፑንጃቡ ውዝግብ

የእነዚህ ጥያቄዎች ሁሉ መጋጠሚያ ሆኖ የታየው እ.ኤ.አ. በ2024 የመኸር ወቅት በፑንጃብ የተከሰተው ሁኔታ ነው። ክልሉ ከ5 ሺህ በላይ መፈልፈያ ድርጅቶች ያሉት ሲሆን፣ ለዚያ ወቅት የታቀደው ግዥ 18 ነጥብ 5 ሚሊዮን ቶን ነበር። መንግሥት ለአንደኛ ደረጃ ፓዲ የወሰነው ዝቅተኛ ዋጋ ለኩንታል 2 ሺህ 320 ሩፒ ነበር።

ባለድርጅቶች በሁለት ምክንያት እህል ለመረከብ ፈቃደኛ ሳይሆኑ ቀሩ። አንደኛው የኮርፖሬሽኑ መጋዘኖች ባለፈው ዓመት ሩዝ መሞላታቸው ነው። ሁለተኛው የፑንጃብ ግብርና ዩኒቨርሲቲ እ.ኤ.አ. በ2016 ያወጣው "ፒአር 126" የተባለ ዘር ጉዳይ ነው። ዘሩ በአጭር ጊዜ የሚደርስና ውኃ የሚቆጥብ በመሆኑ በገበሬዎች ዘንድ ተወዳጅ ቢሆንም፣ ባለድርጅቶች ይኸው ዘርና ከእርሱ ጋር ተቀላቅለው የሚመጡ ዲቃላ ዘሮች 67 በመቶ ሩዝ አያወጡም ሲሉ ተከራከሩ።

ማዕከላዊው መንግሥት መመዘኛው ለሁሉም ዘር አንድ እንደሆነና እንደማይለወጥ አስታውቆ፣ የካራግፑር የቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት ጥናት እንዲያካሂድ መመደቡን ገለጸ። በመካከሉ እህሉ በገበያ ሥፍራዎች ተከመረ። የሽያጭ ተራቸውን እየጠበቁ ከክምሩ አጠገብ የሚያድሩ ገበሬዎች በጥቅምት ወር መንገድ በመዝጋት ተቃውሟቸውን ገለጹ። የውሉ ተዋዋይ ያልሆነው ገበሬ በውሉ ላይ በተነሳው ክርክር ቀዳሚው ተጎጂ ሆኖ ተገኝቷል።

ክርክሩን የሚወስኑ ማስረጃዎች

ከፍርዶቹ መረዳት እንደሚቻለው የአብዛኞቹ መዝገቦች ዕጣ የሚወሰነው በተራ ሰነዶች ነው። በርክክብ ቀን የተወሰደ የእርጥበት ልኬት፣ የሚዛን ደረሰኝ፣ የበር መውጫ ወረቀት፣ ሁለቱም ወገኖች ተገኝተው የፈረሙበት የቆጠራ ቃለ ጉባኤና የመጋዘን ቦታ ጥያቄ የቀረበበት ደብዳቤ ከማናቸውም የቃል ክርክር በላይ ክብደት ይሰጣቸዋል። ቅሬታውን በጽሑፍ ያላሰማ ባለድርጅት ከዓመታት በኋላ ሊያስረዳ ይቸገራል። ቆጠራውን ባለድርጅቱ በሌለበት ያካሄደ ተቋምም ጉድለቱን ለማረጋገጥ ይሳነዋል።

ለአቅርቦት ተቋማቱ ጥብቅ መሆን የራሱ ምክንያት አለው። የጎደለው ሩዝ በሕዝብ ገንዘብ የተገዛ ሲሆን፣ ክርክሩ በተጓተተ ቁጥር ሊመለስ የሚችለው ንብረት ይሸሻል። ለባለድርጅቱም ገለልተኛ ዳኛ መጠየቅ እንዲሁ የሕልውና ጉዳይ ነው፤ የአንድ ወቅት ሒሳብ በስሕተት ቢዘጋበት ማሽኑንና ቤቱን ሊያጣ ይችላልና። የ2024ቱ ፍርድ የዳኛውን አሿሿም ቢያስተካክልም የ67 በመቶውን ስሌትና የመጋዘን እጥረቱን አልነካም። እነዚህ ሁለቱ መፍትሔ የሚያገኙት በችሎት ሳይሆን፣ ከእያንዳንዱ የመኸር ወቅት በፊት ውሉ በሚዘጋጅበት ጠረጴዛ ላይ ነው።